ጥፍር የማያስገባ ማዕዘን

«ሰሚራማ እርሳስ ነው የምትይዝልኝ» ሲል ነው አባቷን የሰማችው። የግቢው ቧንቧ ሥር ጎንበስ ብላ ፊቷን በሳሙና ታሽ ስለነበር ዓይኗን መግለጥ አልቻለችም፤ ድምፁ ግን ከቆርቆሮው አጥር ወዲያ ጥርት ብሎ መጣ። ኦቦ ሞረዳ መኪናቸውን በር ላይ አቁመው ነው የሚያወሩት። እዚያው ነቀምት፣ ቡርቃ ጃቶ ሰፈር አዲስ ቤት እያስጨረሱ ነው፤ ከሚሠሩላቸው ሰዎች ሁሉ አባቷን አራጋውን አብልጠው ስለሚወዱ ጠዋት ወደ ሱቃቸው ሲያልፉ «አካም ቡልቴ» ብለው ሰላም ሳይሉት አይሄዱም። ዛሬ ደግሞ ጨዋታ አምሯቸው፣ ልጅቷ ከሥርህ አትጠፋም፣ ሙያውን እያወረስካት ነው እንዴ ብለው ጠየቁት። አባቷ ያኔ ነው እንግዲህ ያንን ያለው። ሁለቱም ሳቁ፤ መኪናውም ተነስቶ ሄደ።

እርሳስ! ሳሙናው ዓይኗ ገብቶ እየለበለባት እንኳ ውሃውን መክፈት ረሳች። ሰው እኮ ልጄ ታግዘኛለች ይላል። ልጄ እጇ ተፈትቷል ይላል። ይህን ማለት ቢከብደው ደግሞ ስለ ዝናቡ ያወራል፤ ነቀምት ላይ ስለ ዝናብ አውርቶ የጨረሰ ሰው የለም። የኦቦ ሞረዳን ሳሎን ዙሪያውን የሚሮጠው ዞኮሎ፣ ያ ግድግዳና ወለል የሚገናኙበትን የሚሸፍነው የዋንዛ ጌጥ፣ ከማዕዘኖቹ አንዱም በአባቷ እጅ አልተቆረጠም፤ የቆረጠችው እሷ ናት። ከዚያ በፊት የሠሩት ቤትም እንደዚሁ፣ ከዚያም በፊት የሠሩት። ዞኮሎ ቀጥ ብሎ እስከሄደ ድረስ ማንም ሰው በሚስማር ይመታዋል፤ አናጢ የሚፈተነው መታጠፊያው ላይ ነው። ሁለቱ እንጨቶች በሰያፍ፣ አርባ አምስት በአርባ አምስት ተቆርጠው ሲገናኙ የአንዱ አበባ ከሌላው አበባ፣ የአንዱ መስመር ከሌላው መስመር ገጥሞ አንድ እንጨት ታጥፎ የዞረ መምሰል አለበት። በከተማው አናጢ ሞልቷል፤ ስሙ የተነሳለት ግን የአራጋው ማዕዘን ነው። አንዱን መታጠፊያ በጨረሰ ቁጥር የአውራ ጣቱን ጥፍር በመጋጠሚያው ላይ ይነዳዋል፤ ጥፍሩ ከያዘ፣ ሌላው አናጢ ክፍተቱን በስቱኮ ጠቅጥቆ የሚያልፈውን እሱ ነቅሎ እንደ አዲስ ይቆርጣል። ልማዱ ታውቆ ሰው ቤት ሲረከብ የራሱን ጥፍር ይዞ ይመጣል እየተባለ ይቀለዳል።

አባቷን የዓይን ግፊት ይዞታል። የሄደው ብርሃን አይመለስም፣ ጠብታው የቀረውን ያቆይልሃል ብሎ ሐኪሙ ሲነግረው ሰሚራ አጠገቡ ተቀምጣ ነበር። አሁን ሰውን በቁመናውና በድምፁ ያውቃል፣ መንገዱን በልምድ ይሄዳል፤ የእርሳስ መስመር ግን ከጠፋበት ቆይቷል። መጀመሪያ ተሳስቶ የቆረጠውን እሷ ቀስ ብላ ቀየረችለት፤ ቴክኒክና ሙያ የተማረችው የእንጨት ሥራ ነውና አልከበዳትም። በሌላ ቀንም ቀየረችለት። ከዚያ አንድ ቀን ራሱ መጋዙን አቀበላት። ስለ ነገሩ ያን ቀንም ሆነ ከዚያ በኋላ አንድ ቃል አልተነጋገሩም። ሰው ሲመጣ አባቷ እህ እህ ብሎ ይስላል፣ መጋዙን ይቀበላታል፣ እርሳሱን ይሰጣታል፤ ሰው ሲሄድ መልሰው ይቀያየራሉ። አሁንማ ሳሉ የምር ይሁን የውሸት እሷም መለየት ትታለች።

ፊቷን ተለቃልቃ ስትገባ እናቷ ሰዒዳ ሻይ ቀድታ ትጠብቃለች። የተከራዩት ቤት ሁለት ክፍል ነው፤ መሀሉን የሚከፍለው አራጋው ከሰው ቤት በተረፈ የዋንዛ ቁራጭ የሠራው ጣውላ ነው። ወለሉ ተሰነጣጥቆ ሲሚንቶው እየተነሳ፣ በግድግዳውና በወለሉ መሀል ጉንዳን እየተመላለሰ፣ የነቀምት ባለጸጎችን ሳሎን በዞኮሎ ያስዋበው ሰው ቤት ይህን ይመስላል። ሸክላ ሠሪ በገል ትበላለች ይባል የለ። ሦስቱም ዳቧቸውን በሻይ እየነከሩ በሉ። አራጋው ጠብታው ሰሞኑን ደግሞ ተወደደ አለ፤ ሰዒዳ ምን ያልተወደደ አለ አለች። ሰሚራ እናቷን አየቻት፤ እናቷ ኩባያውን አየች። በሩ ጥግ የመሣሪያው ጆንያ ቆሟል። ከመጋዙና ከመዶሻው ሥር የሰሚራ ሁለት ቀሚስና የትምህርት ማስረጃዋ በፌስታል ተጠቅልሎ ተደብቋል።

ነገሩ የሲሬ ነገር ነው፤ ከነቀምት አለፍ ብላ ያለችው ትንሽ ከተማ። ሜቲ የምትባል የቴክኒክ ጓደኛዋ ሲሬ አንድ የሙያ ማሰልጠኛ ውስጥ ትሠራለች፤ የእንጨት ክፍሉ ረዳት አሰልጣኝ ትቶ ሲሄድ አለቃዋን ለምና ለሰሚራ ቦታ አስይዛላታለች። ነገ ጠዋት በር ላይ ከቆመች ሥራው የእሷ ነው፤ ካልቆመች ለሌላ ይሰጣል። በስሟ የምትሠራበት ሥራ፣ «መምህርት» የምትባልበት ሥራ። ሲሬ እኮ ቅርብ ነው፣ እየተመላለሱ መሥራት ይቻላል የሚል አይጠፋም። እሱስ ይቻላል፤ ግን ማሰልጠኛውም በቀን ነው የሚሠራው፣ የሰው ሳሎንም በቀን ነው የሚሠራው፤ አንድ ሰው ሁለት ቦታ ላይ መጋዝ አይዝም። እሷ ሄደች ማለት አራጋው ቀረ ማለት ነው። ለአባቷ ያልነገረችውም እምቢ እንዳይላት ፈርታ አይደለም። ሂጂ እንደሚላት ታውቃለች። ሂጂ፣ አብሽሪ ብሎ ይመርቃትና፣ ከዚያ በዚያች በተሰነጠቀች የቤታቸው ሲሚንቶ ላይ ወንበሩን ስቦ እንደሚቀመጥ ታውቃለች። ያስፈራት ይኸው ነው።

ወደ ሥራ ሲሄዱ እንደ ወትሮው ጆንያውን እሷ ተሸከመች፤ እሱ ግማሽ እርምጃ ከኋላዋ እየተከተለ፣ ጉድጓድ ሲኖር ትከሻዋ ዝቅ ሲል እያወቀ ይሄዳል። ሰው ሰላም ሲላቸው እሱ ነው ቀድሞ የሚመልሰው፤ በድምፅ ለይቶ ኦሮሞውን በኦሮምኛ፣ የወሎ ሰፋሪውን «እንደምን አደርክ ወንድሜ» እያለ። በልጅነቱ በሰባ ሰባቱ ረሃብ ከወሎ መጥቶ እዚህ ያደገ ሰው ነው፤ ኦሮምኛው ከአማርኛው ይሰባል ይሉታል። ሰሚራ ከፊቱ ፊቱ እየሄደች ንዴቷን ታኝካለች። ሁለት ጊዜ ዞር ብላ «አባ» ልትለው አሰበች፤ መንገዱ ጭቃ ነበርና እግሩን እንዳይስት ብላ ተወችው። ለመተው ምክንያት አታጣም፤ ሰው ሁሉ ለዚህ ለዚህ ብልህ ነው።

የኦቦ ሞረዳ ሳሎን ሰፊ ነው፤ ኳስ ያጫውታል። ወለሉ ፓርኬ ነው፣ ጣሪያው የጂፕሰም አበባ፣ በመንገዱ በኩል ያለው መስኮት ደግሞ እንደ ሆድ ወደ ውጭ የወጣ ነው። ግንበኛው ይህን ሆድ ሲያወጣ በዓይኑ ገምቶ ስለሠራው ማዕዘኖቹ አንዱ ጠበብ፣ አንዱ ሰፋ ያለ ሆነዋል። ለቀጥተኛ ማዕዘን መጋዙን በሰያፍ የሚመራ የእንጨት ሳጥን አለ፤ ለእንዲህ ያለው ግን ሳጥኑ አይሠራም። ሰሚራ ሁለት ቀጫጭን ጣውላ በአንድ ሚስማር አያይዛ፣ እንደ መቀስ ከፍታ ግድግዳው ላይ ታስጠጋና የማዕዘኑን አከፋፈት ትቀዳለች፤ ከዚያ ወረቀት ላይ አስፍራ እኩል ትከፍለዋለች። ይህን ብልሃት ማንም አላስተማራትም። አባቷ ጥፍሩን ነድቶ አላህ እጅሽን ይባርከው ያላት መጀመሪያ በዚህ መስኮት ሥር ነው፤ ዝግ ባለ ድምፅ፣ ለራሱ የሚያወራ እየመሰለ።

ቀለም ቀቢው ቀነአ ኮሪደሩን እየቀባ ነው። ዕድሜው ከአባቷ ባይተናነስም ቀልዱ የጎረምሳ ነው፤ የአናጢ ኃጢአት በስቱኮ ይሰረያል እያለ ሌሎቹን አናጢዎች ሲያማ ይውላል፤ አራጋውን ግን አያማም። እንደውም የእናንተ ቤት ስቱኮዬ አይሸጥም ብሎ ያማርራል። ሰሚራ መጋዙን ይዛ ሁለት ጊዜ አይቷታል። አንድ ጊዜ ሲያያት ብሩሹን ባልዲው ውስጥ ነከረና ወደ ግድግዳው ዞሮ ማፏጨቱን ቀጠለ። አመስግናዋለች፤ በልቧ። ከዚያ ወዲህ ደግሞ ኦቦ ሞረዳ ግቢ ሲገቡ ቀነአ ጮክ ብሎ ሰላምታ መስጠት ጀምሯል፤ አራጋው ለመሳል ጊዜ እንዲያገኝ።

እስከ ቀትር ድረስ ሠሩ። የቀረው ከዋናው በር አጠገብ ያለው ማዕዘን ብቻ ነበር፤ እንግዳ ሲገባ መጀመሪያ የሚያየው እሱ ስለሆነ አራጋው ሁልጊዜ ለመጨረሻ ያስቀረዋል፤ እጅ ከሞቀ በኋላ ይላል። ሜቲ ደወለች። ሰሚራ ወደ ጓሮ ወጥታ አነሳች። ነገርሽው ወይ አለቻት ሜቲ፤ አልነገርኩትም አለች። እንግዲያ በስልክ ትነግሪዋለሽ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ መናኸሪያ ካልተገኘሽ መኪናው ይሞላል፣ ሲሬ መንገድ ላይ ወጥቼ እጠብቅሻለሁ፣ እናቴ አልጋ አዘጋጅታልሻለች አለች። ሜቲ እንዲህ ናት፤ ነገሩን ሁሉ ጨርሳው ነው የምትደውለው። ሰሚራ ስልኩን ዘግታ የምሳውን ዳቦ ልታወጣ ጆንያውን ስትፈታ እጇ ከማታውቀው ጨርቅ ጋር ተገናኘ። አውጥታ አየችው። የእናቷ ሐር ሻሽ ነው፤ ሰዒዳ ለዒድ ብቻ አውጥታ የምታስረው፣ ከራሷ እናት የቀራት። ተጣጥፎ ከቀሚሶቹ መሀል ገብቷል። ጠዋት ኩባያ ኩባያውን ታይ የነበረችው ሴትዮ ሁሉንም ታውቃለች ማለት ነው፤ አውቃ፣ ስንቋን አስይዛ፣ ቃል ሳትናገር ሸኝታታለች። ሰሚራ ሻሹን አፏ ላይ ይዛ አለቀሰች፤ አባቷ ከሳሎን ሲጠራት ዓይኗን ጠርጋ ገባች። ለነገሩ ባትጠርገውም አያይም ነበር።

ዳቧቸውን በልተው ሲጨርሱ አራጋው ዙሁር ለመስገድ ጥግ ያዘ። እሷ ለራሷ ማለች፤ ሰላምታውን መልሶ ሲጨርስ ትነግረዋለች። አባ፣ ሥራ አግኝቻለሁ፤ አባ፣ ዛሬ እሄዳለሁ። ቃላቱን ደረደረቻቸው፣ አጭር ናቸው፣ አይከብዱም። አባቷ ወደ ቀኝ፣ ወደ ግራ አሰላመተ። አፏን ከፈተች። ከበሩ የቀነአ ድምፅ «አካም ኦልተኒ፣ ኦቦ ሞረዳ!» ብሎ ሰላምታውን ጮኸ፤ አባቷም ሳለ። እጇ ለምዶባታልና መጋዙን አቀበለችው፣ እርሳሱን ተቀበለች።

ኦቦ ሞረዳ ፊታቸው በርቷል። ወንድማቸው በዲጋ መንገድ የሚያሠራው ሆቴል ግንቡ አልቋል፤ ትናንት ይህንን ሳሎን መጥቶ አይቶ እንቅልፍ አልወሰደውም፤ ክፍሎቹ በሙሉ፣ አዳራሹም፣ ደረጃውም፣ የዋንዛ ዞኮሎ ይሁንልኝ፣ ሰውየው ደግሞ ያው የእናንተ አራጋው ይሁን ብሏል። ሥራው በትንሹ ሁለት ክረምት ያስኬዳል። ይህን ሁሉ ቆመው፣ የአራጋውን ትከሻ ይዘው ነው የሚናገሩት። አራጋው እርሳስ ወደ ያዘችው ልጁ ፊቱን መለሰ፤ ፊቷ ምን እንደሚል ግን አይታየውም። ከዚያ ወደ ኦቦ ሞረዳ ዞሮ እሺ፣ አላህ ይስጥልኝ፣ እንሠራዋለን አለ። «እንሠራዋለን» ነው ያለው። ኦቦ ሞረዳ በደስታ ወደ ጓሮ ወጡ፤ የውሃ ታንከሩን ሊያዩ።

ሰሚራ በቆመችበት ቀረች። ሁለት ክረምት። ከዚያ ሌላ ሆቴል፣ ከዚያ የሌላው ወንድም ቤት። ጥሩ በቆረጠች ቁጥር አባቷ ይታወቃል፣ እሱ በታወቀ ቁጥር እሷ ትታሰራለች፤ ገመዱን የምትገምደው ራሷ ናት። እንዲህ ጥርት ብሎ ታይቷት አያውቅም። ዘጠኝ ሰዓት ሊሞላ ነው። መጋዙን ከአባቷ ተቀበለች፣ የመጨረሻውን እንጨት በሳጥኑ ውስጥ አስተኛች፣ መስመሩን አሰመረች። ከዚያ እንጨቱን ከመስመሩ የገብስ ፍሬ ያህል ገፋ አደረገችው። የመጋዙ ድምፅ እንደ ሁልጊዜው አንድ ዓይነት ነበር፤ አባቷ አጠገቧ ቁጢጥ ብሎ በጆሮው እየሰማ፣ እንደ ሁልጊዜው ራሱን ይነቀንቃል። እንጨቱን በሩ አጠገብ ገጠመችው፤ በሚስማር መታችው። መጋጠሚያው አፉን ከፍቶ ቀረ። ትልቅ አይደለም፤ ግን እዚህ ቤት ሌላ የሚያዛጋ ማዕዘን ስላልነበረ ከሩቅ ይታያል። ኦቦ ሞረዳ ሲመለሱ ያዩታል፣ የአራጋው እጅ አረጀ ይላሉ፣ ሆቴሉም ይቀራል። ያሰበችው ይህንን ነው። ክፉ ሐሳብ መሆኑን ታውቃለች፤ ሌላ ግን አልመጣላትም።

አራጋው በእጁ ግድግዳውን እየዳሰሰ መጣና ጥፍሩን ነዳው። ጥፍሩ ገባ። አወጣው፤ እንደገና ነዳው፤ ገባ። ጣቱን እዚያው እንደያዘ ቆየ። ከኮሪደሩ የቀነአ ፉጨት ብቻ ይሰማል።

«የት ልትሄጂ ነው?» አለ።

ለምን ተሳሳትሽ አላላትም። ተሳስታ እንደማታውቅ እሱ ካላወቀ ማን ይወቅ፤ ሆቴሉን ለማስቀረት ሆን ብላ ያበላሸች ልጅ ደግሞ ሌላ የምትሄድበት አላት። «ሲሬ» አለችው።

«መቼ?»

«ዛሬ።»

ጣቱን ከመጋጠሚያው አላነሳም። «ቅድም ብትነግሪኝ ለሰውየው እሺ አልልም ነበር» አለ። ድምፁ ውስጥ ቁጣ የለም፤ ቁጣ ቢኖርበት ይሻላት ነበር። ከዚያ ትንሽ አሰበና፣ የጠዋቱን ሰምተሻል አይደል አላት፤ ሰምቻለሁ አለች። ያን ያልኩት፣ እሷ ናት የምትሠራው ብዬ ካወራሁ ሁለታችንም እንራባለን ብዬ ነው፤ ግን ከአፌ ሲወጣ እኔንም አቆሰለኝ አለ። በዚህ ሁሉ ዘመን ስለ ነገሩ ሲያወሩ የመጀመሪያቸው ነው፤ ሰሚራ እንዴት እንደሚቀጠል አታውቅም።

አራጋው ተነሳ። ግድግዳውን ተደግፎ ወደ ጓሮ ዞረና ኦቦ ሞረዳን ጠራ። ሰሚራ እጁን ልትይዘው ስትል በቀስታ አላቀቃት። ሰውየው እጃቸውን በመሀረብ እየጠረጉ መጡ፤ ቀነአም ፉጨቱን አቁሞ በኮሪደሩ ጫፍ ታየ። አራጋው በሩ አጠገብ ያለውን ማዕዘን ይዩልኝ፣ በጥፍርዎ ይዩት አለ። ኦቦ ሞረዳ እየሳቁ ጎንበስ አሉ፤ ሲያዩት ሳቃቸው ቀረ።

«ይቺን የቆረጥኳት እኔ ነኝ» አለ አራጋው። «የቀሩትን በሙሉ የቆረጠችው እሷ ናት። ዓይኔ ካላየ ቆየ፣ ኦቦ ሞረዳ። እርሳስ የምይዘው እኔ ነኝ። ሆቴሉን ለሌላ ሰው ይስጡት።»

ሰሚራ አባቷ ምን እያደረገ እንደሆነ ገብቷታል። የእሷን ጥፋት በራሱ ላይ፣ የራሱን ስም በእሷ ላይ አድርጎ በሩን እየከፈተላት ነው። ማን ነው ከዚህ በኋላ ዓይነ ስውር አናጢ የሚቀጥር? ማንም። ሥራ ከሌለ ደግሞ እሷን የሚይዛት የለም፤ ሂጂ ማለቱ ነው። እንዲህ ባለ መንገድ ይሸኘኛል ብላ አስባ አታውቅም ነበር። ለዘመናት ልትሰማው የፈለገችው ቃል ሰው ፊት ተነገረ፤ ደረቷ ውስጥ ደስታና ኀፍረት ተደባልቆባት እንባዋ መጣ። ከዚህ እስከ መናኸሪያ ያለው መንገድ በዓይኗ ላይ ዞረ።

ኦቦ ሞረዳ ካሉበት ተነስተው ከበሩ ቀኝ ጀምረው ሳሎኑን መዞር ያዙ። በየማዕዘኑ ቁጢጥ ይላሉ፣ ጥፍራቸውን ይነዳሉ፣ ይነሳሉ። የመስኮቱ ሆድ ጋ ሲደርሱ ቆዩ፤ ግንበኛቸው ምን እንደሠራ እሳቸውም ያውቃሉና። ትልቅ ሰውነት ያላቸው ሰው ናቸው፣ ሲነሱ ጉልበታቸው ይሰማል፤ የተቻኮለ የለም። ተመልሰው ሰሚራ ፊት ሲቆሙ ግንባራቸው አልቦት ነበር።

«አንቺ ኢንተላ፣ አንቺ ልጅ» አሉ። «ይሄ ሁሉ ያንቺ እጅ ነው?»

ራሷን ነቀነቀች። ወደ አራጋው ዞረው ተቆጡት፤ እንዴት እንዲህ ያለ ልጅ ይዘህ እርሳስ ትይዛለች ትለኛለህ፣ ኃጢአት አይሆንብህም አሉት። ሆቴሉ ለማንም አይሰጥም፤ ውሉ በልጅቷ ስም ይሆናል፤ ወንድሜን እኔ እነግረዋለሁ፣ ስለ ዓይንህ ግን ከዚህ በር አይወጣም፣ ገበያው ከሰማ ትናንት የሠራህላቸው ሁሉ ተታለልን ብለው ይመጡብሃል አሉ። እሷ ትቆርጣለች፣ አንተ አጠገቧ ቁጭ ብለህ በጥፍርህ ታያለህ፣ እኔ እያለሁ ማንም ቀና ብሎ አያያችሁም። ቀነአም አፌን በስቱኮ ዘግቻለሁ አለ። ደግ ሰው ናቸው ኦቦ ሞረዳ፣ ክፋት የለባቸውም። ያላቸውን ደግነት ሁሉ አምጥተው በሩ ላይ ሚስማር አድርገው መቱት።

አራጋው እጁን አነሳ፤ ሊናገር ነው፣ ሲሬ ሊል ነው። ሰሚራ ፊቱን አየችው። ሸክሙን ያወረደ ሰው ፊት ነበር፤ ግንባሩ ላይ ያ የመደበቅ ሽብሽብ ተዘርግቶ ከዓመታት በፊት የምታውቀውን አባቷን መስሏል። አሁን እሷ ሄደች ማለት የዓይኑ ነገርም ተገለጠ፣ ስሙም ወደቀ፣ እንጀራውም ሄደ ማለት ነው። ጠዋት ተደብቃ ብትሄድ ኖሮ ቢያንስ ስሙ ይቀርለት ነበር፤ ምስጢሩን የከፈተችው በገዛ መጋዟ ነው። በቅሎ ገመዷን በጠሰች ቢሉ በራሷ አሳጠረች። አባቷ አፉን ሳይከፍት ቀደመችው።

«እሺ፣ ኦቦ ሞረዳ» አለች።

ኦቦ ሞረዳ እጇን ጨበጡ፤ የአባቷን ሳይሆን የእሷን። ገለቶማ ብላ አመሰገነቻቸው። በዚህ ከተማ አንድ ባለጸጋ የሴት አናጢ እጅ ሲጨብጥ ይህ የመጀመሪያው ሳይሆን አይቀርም፤ ቀነአ በቀለም እጁ አጨበጨበ። ሰውየው ሲወጡ ስልኳ ጠራ። ሜቲ ናት። ጠርቶ እስኪጨርስ ተወችውና ወደ ጓሮ ሳትወጣ፣ እዚያው አባቷ ፊት መልሳ ደወለች፣ ቦታውን ለሌላ ሰው ይስጡት አለች። ሜቲ ምን ሆነሽ ነው፣ ሊሄድብሽ እኮ ነው መኪናው አለች። ሥራ አገኘሁ አለቻት ሰሚራ። ውሸት አልነበረም፤ ቢሆንም ሜቲ እንኳን ደስ አለሽ ስትላት ስልኩን ዘጋችው።

አራጋው ወለሉ ላይ ተቀምጧል። ለምን አልተውሽኝም፣ ስለ ሲሬ እነግራቸው ነበር እኮ አላት በቀስታ። እሷ መዶሻውን ገልብጣ የበሩን ማዕዘን ሚስማር ነቀለች፤ ያዛጋውን እንጨት አንስታ ወደ ጎን ጣለችው። ከተረፈው ዋንዛ አዲስ ቁራጭ መርጣ ሳጥኑ ውስጥ አስተኛች። ስታጎነብስ ጆንያው አፉን ከፍቶ የእናቷ ሻሽ ጫፍ ታያት፤ በእግሯ ወደ ውስጥ ገፋችው። እርሳሱን ፈለገች። አባቷ መሬቱን ዳስሶ አግኝቶት ኖሮ በመዳፉ ይዞ ዘረጋላት። አሰመረች፤ መለሰችለት፤ ይዞላት ቆየ። እንጨቱን ከመስመሩ ሳትገፋ ቆረጠችው።

ገጠመችው። መታችው። አራጋው በጉልበቱ እየተጎተተ መጣና የአውራ ጣቱን ጥፍር ከላይ ወደ ታች፣ ከታች ወደ ላይ ነዳው። የቻለውን ያህል ተጫነው።

«አይገባም» አለ፤ ደስ ብሎት ነው ያለው።